አውርጂው ያልከኝ ጌም

ጥቅምት 6

ለችኩሉ ልጄ፣ ባለህበት ይድረስ።

ሰላምታዬ ከደብዳቤው ቀድሞ ይድረስህ። ጤናህንም እንቅልፍህንም የምትበላውንም ፈጣሪ ይባርክልህ። እኔ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ብቻ ደረጃ ባየ ቁጥር ያኮርፋል፤ እሱን ተወው፣ አብረን ያረጀን ነን።

«ስልክ አይሻልም ወይ?» ትለኛለህ። በስልክ «ሰማሽኝ? ሰማኸኝ?» ስንባባል ነው ካርዱ የሚያልቀው። ደብዳቤ ግን ደጋግሜ አነበዋለሁ፤ ያንተማ አጭር ስለሆነ ቆሜም ይነበባል። እኔ ቤት ስታድግም ጫማህን ሳታስር ነበር የምትሮጠው፤ ችኩሉ ያልንህ በከንቱ አይደለም። እኔ የእናትህ የአጎት ልጅ ብሆንም ያሳደግሁህ ነኝና፣ እንደ እናት ብቆጣህ አይክፋህ።

ጌም ቤቱ አለ። ድሮ ልብስ እሰፋበት የነበረው ያ የፊት ክፍል ነው፤ የስፌት መኪናዬ ዛሬ ቴሌቪዥን ተሸክማ ቆማለች። ሦስቱም ማሽኖች ይሠራሉ። ሰው ከልብስ ሰፊ ይልቅ ጌም የሚፈልግበት ዘመን መጣ፤ ምን ይደረግ፣ እኔም የመጣውን ሰፋሁ።

ችግሩ ሲዲው ነው። የኳስ ጌማችን አርጅቷል። ጠዋት ጠዋት በገበር ቁራጭ እወለውለዋለሁ፣ ጭረቱ ግን የሚለቅ አይደለም። ኳሷ መረብ ልትነካ ስትል ሥዕሉ ቀጥ ይላል፤ ያኔ ቤቱ በጩኸት ይፈርሳል። ፀጉር አስተካካዩ ጎረቤቴ ትናንት ምን አለ መሰለህ? «እትዬ፣ እዚህ ጌም ውስጥ ያለው በረኛ እኮ ጡረታ ወጥቶ አሰልጣኝ ሆኗል። አንቺ ቤት ብቻ ነው ገና ኳስ የሚያድነው።» ቤቱ ሁሉ ሳቀ፣ እኔም ሳቅሁ። ከሳቁት ግማሾቹን ግን ከሰዓት በኋላ ማዶ አዲስ የተከፈተው ጌም ቤት ሲገቡ አየኋቸው። ይህ ክፍል ከተዘጋ እኔ ምን እሠራለሁ? ዓይኔ ከእንግዲህ የመርፌ ቀዳዳ አያይም።

ልለምንህ አይደለም። ግን ድንገት ወደዚህ የሚመጣ ሰው ካለ፣ ድንገት ደግሞ የዘንድሮው ጌም ከእጅህ ከገባ፣ ያው ታውቃለህ። ካልሆነም አንተ ደህና ሁንልኝ።

እታለም


ኅዳር 2

ውድ እታለም፣

ምርቃትሽ ደብዳቤሽን ቀድሞ ደርሷል መሰለኝ፣ ሰሞኑን እንቅልፍ ጥሩ ነው። እኔ ደህና ነኝ። አሁንም በሰው አገር፣ እዚያው ሆቴል፣ ልብስ እጥበት ክፍል ነኝ። ክፍሉ ምድር ቤት ስለሆነ ፀሐይ የለም፤ ሙቀቱ ግን ከማድረቂያዎቹ ይተርፈናል።

«ድንገት» የሚለውን ሁለቴ ስለጻፍሽ ድንገት ሰው ተገኘ። አብራኝ የምትሠራ ልጅ ናት። እናቷ ታመውባት ልታስታምም ረዘም ያለ ፈቃድ ወስዳለች። ቤታቸው ከአንቺ ሰፈር ብዙ አይርቅም። እሷ አንሶላ ትተኩሳለች፣ እኔ አጥፋለሁ፤ ቀኑን ሙሉ አንድ አንሶላ ጫፍና ጫፍ ይዘን እንውላለን።

የዘንድሮውን የኳስ ጌም ገዝቼ ላስቲኩ እንደተጠቀለለ ሰጥቻታለሁ። እንደደረሰሽ አውርጂውና ይጫወቱበት። ቀላል ነው፣ ማንም ያግዝሻል።

ይህ ላንቺ ምንም አይደለም። ትምህርት ቤት የገባሁበትን ሱሪ ከሰው ሱሪ ትርፍ ጨርቅ እየቀጣጠልሽ የሰፋሽልኝ፣ ስፌቱ እንዳይታወቅ ደግሞ ሌሊቱን ስትተኩሺ ያደርሽ አንቺ ነሽ። ጓደኞቼ ሁሉ የተገዛ ነበር የሚመስላቸው። እስከ ዛሬ አላመሰገንኩሽም ነበር፤ ይኸው አሁን አመሰገንኩ። ሥራ ልገባ ስለሆነ እዚህ ላይ ላቁም።

ችኩሉ ልጅሽ


ኅዳር 29

ይድረስ ለልጄ፣

የላከ እጅህ አይድረቅ። ከሰጪዎች ተርታ አያጉድልህ፤ ከምድር ቤት አውጥቶ ፀሐይ የሚገባበት ሥራ ይስጥህ። ሣጥኑ ደርሶኛል። ምን ያምራል! በላዩ ያለው ተጫዋች ፀጉሩ እንኳ የዘንድሮ ነው። መጀመሪያ ቁም ሣጥኑ አናት ላይ አስቀምጬው ነበር፣ አውርጂው ባልከኝ መሠረት አውርጄ መስኮቱ ሥር አቁሜዋለሁ። አላፊ አግዳሚው ሁሉ ያየዋል። ፀጉር አስተካካዩም «አሁን ገና ሰው ሆንን» ብሏል።

እኔማ ምን ልበልህ፣ ደስታዬ ወሰን የለውም። ስለ ጌሙ ሌላ የምጽፈው የለም፤ ደርሶኛል፣ ተመስገን።

እንዲያው ለመሆኑ፣ ይዛው የመጣችውን ልጅ ከመቼ ጀምሮ ታውቃታለህ? የማን ልጅ ናት? ጠባይዋስ እንዴት ነው? ከሰው ጋር ስትኖር ማለቴ ነው። በሌላ አይደለም፣ እንዲሁ ነው የጠየቅሁህ። ካልጻፍክልኝም ግድ የለም። ግን ጻፍልኝ።

እታለም


ታኅሣሥ 20

ውድ እታለም፣

ደብዳቤሽን ምሳ ሰዓት ላይ አንብቤ ብቻዬን ስስቅ ሰዎች አዩኝ። ጌሙ ሠርቶልሽ ሰው ሲሰበሰብ በዓይነ ሕሊናዬ አየሁት። እንኳን ላክሁ!

ስለ ልጅቷ ለምን እንደጠየቅሽኝም ገብቶኛል። «የማን ልጅ ናት? ጠባይዋ እንዴት ነው?» ይህ ለልጇ ሚስት የምታይ እናት ጥያቄ ነው እንጂ ሌላ ምን ይሆናል? አንድ ጊዜ አይተሻት እንዲህ ካልሽ፣ እኔ በየቀኑ የማያት ምን ልበል?

ዝም ያለች ናት። ሲበድሏትም አትጮኽም፣ ትሠራለች። ባለፈው ዓመት አንዲት እንግዳ ትራስ ልብስ ውስጥ የረሳችው የወርቅ ጉትቻ እኛ ክፍል ድረስ መጣ። ያያት ማንም አልነበረም። እሷ ግን መተኮሻውን አጥፍታ በደረጃ እስከ ላይኛው ፎቅ ሮጠች፤ ሴትዮዋ ሳትወጣ ደረሰችባት። አለቃችን ሥራ አቆምሽ ብሎ ተቆጣት። «እሺ» ብላ ወደ አንሶላዋ ተመለሰች። እኔ ከዚያ ቀን ጀምሮ ነው እንግዲህ።

ለማንም ያልነገርኩት ነው፤ ለእሷም ጭምር። አንሶላ ስናጥፍ ጫፉን ልታቀብለኝ ስትመጣ ያሰብኩት ሁሉ ይጠፋብኛል። አንቺ ከወደድሻት ግን ድፍረት ይኖረኛል። ሄደሽ እናቷን ጠይቂልኝ። ደረጃቸውን ሲያይም እንዳያኮርፍ ጉልበትሽን እዘዢልኝ።

ችኩሉ


ጥር 4

ይድረስ ለልጄ፣

ሰላምህ ይብዛ። ደብዳቤ ጠብቄ አጣሁ፤ ፖስታ ቤት ያለው ሰውዬም ሲያየኝ ከሩቁ ራሱን ይነቀንቅ ጀምሯል። ስለዚህ ሳልጠብቅ ልጻፍ።

ደብቄህ የነበረ ነገር አለ። ያ ሣጥን ባዶ ነበር። ላስቲኩን ፈትቼ ስከፍተው፣ ሲዲው የሚቀመጥበት ቦታ ጭራሽ ባዶ ነው። አንዲት የዋስትና ወረቀት ብቻ አለች፣ እሷንም የስፌት መኪናዋ መሳቢያ ውስጥ ከትቻታለሁ። ልጄ ከጉሮሮው ነጥቆ የላከልኝን እንዴት «ባዶ ነው» ብዬ ልጻፍ? ይሉኝታ ያዘኝና አመሰገንኩህ። «ላስቲኩ ሳይፈታ እንዴት ተወሰደ?» ብዬ አስቤ ነበር፤ ፀጉር አስተካካዩ ግን «እትዬ፣ የዛሬ ሌባ ላስቲክ ማሸጊያም አለው» አለኝ።

ልጅቷ ሰላም ልትለኝ ስትመጣ ቤቱ ሰው ሞልቶ ነበር። አልቻልኩም። «ሣጥኑ ካንቺ ሌላ ሰው እጅ አልገባም። የውስጡን የት አደረግሽው?» አልኳት፣ ሁሉም እየሰማ። ጨዋታው ቆመ። ልጅቷ ፊቷ ተለዋወጠ። «እፈልገዋለሁ» አለችና ወጣች።

ስማ እንግዲህ፣ ሲዲው ተመለሰ! ከሁለት ሳምንት በኋላ በሻርፕ ጠቅልላ አመጣችልኝ። ከተን አየነው፣ የዘንድሮው ነው፣ እንደ ውኃ ይሄዳል። ማዶ የሄዱት ሁሉ ተመለሱ። ወረፋ ስላለ አግዳሚ ወንበር ተውሻለሁ። ክፍሉ ተረፈልኝ፤ ፈጣሪንም አንተንም አመስግኜ አልጠግብም።

እሷንም ይቅር ብያታለሁ። ሰው ናትና ተሳሳተች፣ ግን መለሰች። እዚያ ስሟን እንዳታነሳባት፤ እንጀራዋ ነው። አንተ ብቻ ከእንግዲህ ኪስህን ጠብቅ።

እታለም


ጥር 25

እታለም፣

ጤናሽን ሳልጠይቅ መጀመሬን ይቅር በይኝ።

ሣጥኑ ውስጥ ሲዲ አልነበረም። ማንም አላወጣውም፤ ከተሠራበት ጀምሮ አልነበረም። አሁን አሁን ብዙ ጌም እንዲህ ነው የሚሸጠው። ሣጥኑ መደርደሪያ ላይ እንዲታይ ነው፤ ጌሙ ያለው «የዋስትና ወረቀት» ባልሽው ላይ ነው። እዚያ ላይ ያለውን ፊደልና ቁጥር ማሽኑ ላይ ስትጽፊው ጌሙ በኢንተርኔት ይመጣል። «አውርጂው» ያልኩሽም ይህንን ነበር። እዚህ ሁሉም ሰው ጌም አወረድኩ ነው የሚለው፤ አንቺ ከቁም ሣጥን ታወርጂዋለሽ ብዬ በምን ላስብ? ሲዲ ያለው ሣጥንም አልጠፋም፣ ግን ፈልጎ ማግኘት ይጠይቃል። እኔ ሱቁ በር ላይ የተደረደረውን አንስቼ ወጣሁ። ሁለት መስመር ጨምሬ ባስረዳሽ ኖሮ ይህ ሁሉ አይመጣም ነበር።

የታኅሣሥ ደብዳቤዬ ደርሶሽ ከሆነ ልጅቷ ለእኔ ምን እንደሆነች አንብበሻል። ካልደረሰሽ ሲደርስሽ ታነቢዋለሽ፣ እኔ ደግሜ ለመጻፍ አቅም የለኝም። ስለ እኔ ግን አታስቢ። እሷ ለእናቷ አልጋ ስትል ሄዳ፣ በሰው ፊት ሌባ ተብላ ዝም ብላለች። ይህን እያሰብኩ አንሶላ ማጠፍ አቅቶኛል።

አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅሽ። ሣጥኑ ውስጥ ሲዲ ካልነበረ፣ ልጅቷ የመለሰችልሽ ሲዲ ከየት መጣ?

ችኩሉ


የካቲት 18

ይድረስ ለልጄ፣

ሁለቱ ደብዳቤዎችህ በአንድ ቀን ደረሱኝ። የታኅሣሡን አንብቤ ሳልጨርስ የጥሩን ከፈትኩ፤ ከዚያ ተነሥቼ ስሄድ ነጠላ ጫማዬን ግራና ቀኝ አቀያይሬ አድርጌ ነበር።

ልጅቷን እናቷን ስታበላ አገኘኋት። ማንኪያውን እስክታስቀምጥ ቆሜ ጠበቅሁ። «ያን ሲዲ ከየት አመጣሽው?» አልኳት።

«ምነው፣ አይሠራም እንዴ?» አለችኝ።

ልጄ፣ እዚያው ምድር ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። መጀመሪያ ስለ ጌሙ ነው የተጨነቀችው። ለካ ከእጇ የጠፋ መስሏት ሻንጣዋን ገልብጣ፣ የእናቷን ፍራሽ ሳይቀር አንስታ ፈልጋለች። «ሌባ ከሚሉኝ ዝርክርክ ቢሉኝ ይሻለኛል ብዬ ነው» አለችኝ። ከዚያ በየጥገና ቤቱ ስትዞር፣ አንዱ ቴሌቪዥን ጠጋኝ ዘንድ የዚያንኑ ጌም ሲዲ አገኘች። የዚያን አገር ብርድ የምትከላከልበትን ካፖርቷን ሰጥታ ለውጣ አመጣችልኝ። እኔ ደግሞ እሷን ይቅር አልኩ! ወርቅ ላበደረ ጠጠር ይሉሃል ይኸው ነው።

«አጥፍቻለሁ፣ ይቅር በይኝ» አልኳት። «እሺ» አለች። እሺ ይቅርታ እንዳልሆነ አንተም ታውቃለህ። የምላስ ወለምታ በቅቤ አይታሽም።

በማግስቱ ወረቀቷን አንብበሽ አሳዪኝ ብዬ ጠራኋት። ቤቱ ጢም ብሎ ነበር። እሷ በር ላይ እንደቆመች ሦስቱንም ቴሌቪዥን ነቀልኩ። ፀጉር አስተካካዩ ከስንት ዘመን አንዴ እየመራ ነበርና ሊያለቅስ ደረሰ። «ያን ቀን የሰማችሁ ሁሉ ዛሬም ስሙ» አልኳቸው። ሣጥኑ ከመጀመሪያው ባዶ እንደነበረ፣ ማንም እንዳልነካው፣ እስካሁን የተጫወቱበትን ሲዲ ልጅቷ በካፖርቷ እንዳመጣችው፣ ሌባ ያልኳት እኔ እንደተሳሳትኩ አንድ በአንድ ነገርኳቸው። ፀጉር አስተካካዩም ተነሥቶ «ላስቲክ ማሸጊያ አለው ያልኩት እኔ ነኝ» አለና አቀርቅሮ ቆመ። በጨዋታው ባያሸንፍም ለእሱም ደግ ቀን ሆነችለት።

ከዚያ ወረቀቷን ከመሳቢያ አወጣሁ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባላል፤ ሁለታችንም ይዘን ከርመናል። ልጅቷ እያነበበች ጻፈችው። ኢንተርኔታችንን ታውቀዋለህ፣ ጌሙ ወርዶ እስኪያልቅ ሁለት ቀን ሙሉ ቴሌቪዥኑ ላይ ቀስ እያለች የምትረዝመውን ሰማያዊ መስመር ተራ በተራ ስንጠብቅ ቆየን። ወረደ። ሠራ።

ሲዲውን ጠጋኙ ዘንድ መልሼ ካፖርቱን አምጥቻለሁ። «እትዬ፣ የወረደውን ብታመጪልኝ ኖሮ እኔ በምን እለውጥሽ ነበር?» ብሎ ሳቀብኝ። «ላም አለኝ በሰማይ ነው እኮ እሱ።» እውነቱን ነው። የወረደ ጌም አይጫርም፣ አይሰበርም፤ ግን በሻርፕ ጠቅልለህ ለሰው አትሰጠውም። እኔ ሁለቱንም አግኝቼ አይቻለሁ፤ ክፍሌን ላተረፉልኝ ለሁለቱም ምስጋና አለብኝ። ለአንደኛው አመስግኜሃለሁ። ለሁለተኛው ግን ምስጋናዬ በደንብ የደረሳት አይመስለኝም፤ በሰው ፊት ስናገር ጆሮዋ ቀልቶ መሬት መሬት ነበር የምታየው።

ስለዚያ ስላንተ ጉዳይ። እኔ የማን ልጅ ናት ያልኩህ ለክስ ነበር፤ አንተ ለሠርግ አደረግኸው። ከሁለታችን ያንተ መቸኮል ሳይሻል አልቀረም። ልጅቷን ትወዳለህ። ጨዋ ናት፣ ደግ ናት፣ ከመረጥካት ዓይንህ አልተሳሳተም። እኔ ምንም አልነገርኳትም፤ የራስህን ራስህ ተናገር።

እናቷ ተሽሏቸው እሷ ነገ ትመለሳለች። ይህን ደብዳቤ በእጇ ልኬዋለሁ፣ ሳላሽገው። ከእንግዲህ በእሷ እጅ የታሸገ ነገር አልክም። መንገድ ላይ ብታነበው አይጎዳህም፤ ይጠቅምህም ይሆናል።

በመንገዷ ሁሉ ፈጣሪ ይቅደማት።

እታለም


መጋቢት 1

ውድ እታለም፣

ሰላም ላንቺ፣ ለጉልበትሽና ለተነቀሉት ቴሌቪዥኖች ሁሉ። ልጅቷ በደህና ገብታለች። ካፖርቷን ለብሳ ነው ወደ ሥራ የመጣችው።

ደብዳቤሽን ከቦርሳዋ አውጥታ ሰጠችኝ። ክፍት መሆኑን ሳይ ደነገጥኩ። «አነበብሽው?» አልኳት።

«የሰው ደብዳቤ አላነብም» አለችኝ።

«ክፍት እኮ ነው።»

«ክፍት መሆኑንማ አይቻለሁ።»

በቃ፣ ይህንኑ ነው ያለችኝ። ያን ያህል መንገድ በጉያዋ ይዛው መጥታለች፣ አንዲት መስመር አላየችም። አንቺ ደግሞ ለእሷ የጻፍሽው ነበር። ስለዚህ ምሳ ሰዓት ላይ፣ ማድረቂያዎቹ ሲያርፉ፣ በአንሶላ ክምሩ አጠገብ ተቀምጠን ድምፄን ከፍ አድርጌ አነበብኩላት።

ፀጉር አስተካካዩ ላይ ስደርስ ሳቀች። ያን ቀን አፍራ አልሳቀችም ነበርና እስኪበቃት ሳቀች። «እሺ ይቅርታ እንዳልሆነ» የሚለው ላይ ስደርስ ግን እጄን ያዝ አድርጋ አስቆመችኝ። «ይቅር ብያታለሁ በልልኝ» አለች። «ያን ቀን ብናገር ላለቅስ ስለሆነ ነው። ጌም ቤቷ ባለመዘጋቱ ደስ ብሎኛል በልልኝ።» ይኸው ቃል በቃል ጽፌልሻለሁ።

ምስጋናሽም ደርሷታል። እኔ ለማንም ሰው ምስጋና ሳነብ የመጀመሪያዬ ነው። እታለም፣ ስለ ሱሪውም ስለ ሁሉም ነገር፣ በዚያች ክፍል ውስጥ ሰው ሁሉ እየሰማ ስለተናገርሽው ቃል ግን ከሁሉም በላይ አመሰግንሻለሁ። ያሳደገችኝ ሰው ማን እንደሆነች ልጅቷ አሁን አውቃለች።

ከዚያ «ስለዚያ ስላንተ ጉዳይ» የሚለው ላይ ደረስኩ። በዓይኔ ወደ ታች ወረድኩና ምን እንደሚል አየሁ። ወረቀቱን ላጥፈው ስል ጫፉን ያዘችው፣ እንደ አንሶላ።

«ምነው አቆምክ?» አለችኝ።

ቀጠልኩ።

ችኩሉ ልጅሽ